ያልተቀረጸው ጆሮ

በመንደራችን በቫልዴባሮ እንስራ የሚገዛ ሰው ሆዱን አይደባብስም፤ አፉንም አያንኳኳም። ጆሮውን ይይዛል። በጆሮው አንጠልጥሎ ያወዛውዘዋል፤ ቀጥሎም ከጆሮው ሥር በአውራ ጣት የተጫነችውን ምልክት ጎንበስ ብሎ ያያል፤ ከየትኛው ቤት እጅ እንደ ወጣ የምትነግረው እርሷ ናትና። መንደሩ ሁሉ አክስት የሚላት የኦብዱሊያ ምልክት የስንዴ ፍሬ የምታህል፣ ወደ ግራ ያዘነበለች ጉድጓድ ነበረች። ስለ እርሷ ሥራ «እንስራው ይሰበራል እንጂ ጆሮው አይለቅም» ይባል ነበር። እውነትም ነው፤ በምንጩ ዙሪያ ከተከማቸው ስብርባሪ መካከል ሙሉ ጆሮ ያነሣ ሰው፣ ገልብጦ ሳያየው የኦብዱሊያ መሆኑን ያውቅ ነበር።

ጆሮ ሲተከል ማየት ግን ለቤት ሰው ብቻ የተፈቀደ ነው። ይህ ሕግ የትም አልተጻፈም፤ የጣሰውም የለም። የሸክላ ሠሪዋ እናት፣ ልጇ፣ እቶኑን የሚያነደው ባሏ፣ ልጇን ያገባው አማቿ ያያሉ። ሌላው ሰው፣ ክርስትና ያነሣች ወዳጅ እንኳ ብትሆን፣ ሸክላ ሠሪዋ ጀርባዋን ስትሰጥ ወሬዋን አቋርጣ ወደ በሩ ታያለች። እኔ በመምህርነት ዘመኔ የታንጀርን ወደብ፣ የቦነስ አይረስን አደባባዮች፣ የኢስታንቡልን ጀልባዎች አይቻለሁ፤ ከቤቴ ጥቂት በር አልፎ የሚተከለውን ጆሮ ግን አላየሁም። ጡረታ ወጥቼ ወደ ትውልድ መንደሬ የተመለስሁ ጊዜ ኦብዱሊያ ዓለምን ዞሬ መምጣቴን ሰምታ፣ «እንግዲህ ይህችን አንዲት ነገር ሳታዪ ትሞቻለሽ» ብላ ስቃብኛለች። እኔም አብሬያት ሳቅሁ፤ ሌላ ምን ይደረጋል።

ይህን ታሪክ የምነግራችሁ በዚያች ጆሮ ምክንያት ሁለት ወጣቶች እንዴት እንደ ተለያዩ፣ በዚያችው ጆሮ ደግሞ ምን እንደ ሆኑ በዓይኔ ስላየሁ ነው።

ዘመኑ የቧንቧ ውሃ መንደራችን የገባበት፣ ጄሪካንና የፕላስቲክ ባልዲ በየአጥሩ የተሰቀለበት ነበር። ከሸክላ ሠሪዎቹ ሴቶች አንዳንዶቹ ሞቱ፤ አንዳንዶቹ በጀርመን ፋብሪካዎች ወደሚሠሩ ልጆቻቸው ሄዱ። በመጨረሻ መንኮራኩር የሚዞረው በአንድ ቤት ብቻ ሆነ፤ በኦብዱሊያና በአንድያ ልጇ በካሲልዳ ቤት። በማድሪድ ያለ አንድ ቤተ መዘክርም ሙያው ሳይጠፋ በፊልም እንዲቀረጽ ወስኖ፣ ኦሪዮል የተባለ የባርሴሎና ወጣት ከካሜራው ጋር ላከልን። የቤቴን የላይኛውን ክፍል ተከራየ። ቁመተ ረጅም ስለ ነበረ የመንደሩን ደጃፎች አንድ በአንድ በግንባሩ ተዋወቃቸው፤ በመጀመሪያው ሳምንት የሰው ሰላምታ «ደህና ዋልህ» ሳይሆን «ግንባርህ እንዴት ዋለ» ነበር።

ኦብዱሊያ ቤቷን የከፈተችለት በአንድ ቃል ኪዳን ነው።

«ሁሉን ቅረጽ። ጆሮውን ግን አትቀርጽም።»

«እሺ፣ አክስት ኦብዱሊያ።»

«ለከተማ ሰው እሺ ማለት ቀላል ነው።»

«ለእኔ ቀላል አይደለም» አላት። «ለዚህ ነው የመጣሁት። ግን እሺ።»

መልሱ ሳይገርማት አልቀረም፤ አልነገረችውም እንጂ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ኦሪዮል ያየውን ማታ ማታ በእራት ላይ ሲነግረኝ፣ እኔ በልጅነቴ የለመድሁትን ነገር እንደ አዲስ ሰማሁት። ቀዩ አፈር ከነጩ ጋር የሚዋሐደው በሚዛን አይደለም፤ ኦብዱሊያ ጭብጥ አድርጋ ወደ ጉንጯ ታስጠጋዋለች፤ ጉንጯ «በቃ» ሲላት ትተወዋለች። ተንበርክካ፣ ዝቅተኛውን መንኮራኩር በግራ እጇ እየገፋች፣ በቀኟ የጭቃውን ጥቅልል በጥቅልል ላይ ትደራርበዋለች፤ በእርጥብ ጨርቅ ስታልፍበት ድርቡ ሁሉ ይጠፋና አንድ ሆድ፣ አንድ ትከሻ፣ አንድ አንገት ሆኖ ይነሣል። ኦሪዮል ሾርባው እየቀዘቀዘ «አይተውት ያውቃሉ? ትከሻው ሲመጣ ትተነፍሳለች፤ ከዚያ በፊት ግን አትተነፍስም» ይለኝ ነበር። እኔም ሾርባውን አሞቅለት ነበር።

ስለ ካሲልዳ ግን አንድም ቀን አላወራም። ልቡ የት እንዳለ ያን ጊዜ ነው የገባኝ።

የኩስኩስቷ ነገር የሆነው ከዚያ በፊት ነው። በእኛ አገር ከኩስኩስት፣ ከዚያች ባለ ጆሮና ባለ አፍንጫ የሸክላ ውሃ መጠጫ፣ ሲጠጣ ከፍ አድርጎ ይዞ ውሃውን እንደ ክር እያወረዱ ነው፤ ከንፈር አፍንጫዋን አይነካም፤ የቤቱ ሰው ሁሉ የሚጠጣው ከእርሷ ነውና። ኦሪዮል ደንቡን ያውቃል፤ የባርሴሎና ልጅ ቢሆንም የስፔን ልጅ ነው። በጥላ ሥር ላብ አውጥታ የቀዘቀዘችውን ኩስኩስት ካሲልዳ ራሷ አቀበለችው፤ አቀብላውም ዓይኗን አላነሣችም። ክሩ በአየር ላይ ተንቀጠቀጠ፤ ወደ አገጩ፣ ከአገጩ ወደ አንገትጌው ወረደ። ደንግጦ ማምለጫ ሲፈልግ ጊዜ አፍንጫዋን በከንፈሩ ጎረሰ።

የግቢው ሰው ሁሉ አየው። ኦብዱሊያ ኩስኩስቷን ከእጁ ወስዳ ውሃውን እስከ ጠብታው ደፋችው። ደንቡ ነው፤ ከንፈር የነካው ውሃ ይደፋል እንጂ በቤቱ አያድርም።

«እንግዲህ የቤቱን ሰው ሁሉ በአንድ ጊዜ ሳምኸን ማለት ነው» አለችው። «ቢያንስ ጢምህን ተላጭተህ ብትመጣ።»

ሁሉም ሳቀ፤ እርሱም ጭምር። ካሲልዳ ብቻ አልሳቀችም። አዲስ ውሃ ልትሞላ ወደ ውስጥ ገባች፤ ኩስኩስት ለመሙላት ከሚያስፈልገው ጊዜ እጅግ የረዘመ ጊዜም እዚያው ቆየች።

አፈር ለመቆፈር ከመንደሩ በታች ወዳለው ገደል የሚወርዱት ሁለቱ ሆኑ፤ ኦብዱሊያ እየሳቀች እንደምትለው፣ ጉልበቷ መውጣት ቢችልም መውረዱን ከተወው ቆይቷል። በመጀመሪያ እርስ በርስ «እርስዎ» ይባባሉ ነበር። አንድ ቀን ካሲልዳ ዶማዋን ተደግፋ፣ ለምን ሁልጊዜ እጇን ብቻ እንደሚቀርጽ ጠየቀችው።

«ቤተ መዘክሩ የጠየቀኝ እጅ ነው።»

«እንግዲያው ፊቴን የሚጠይቅ ሌላ ቤተ መዘክር ይፈልጉልኛ።»

ኦሪዮል ካሜራውን ዝቅ አደረገ። «ፊትዎን ካነሣሁ» አላት ቀስ ብሎ፣ «ወደ እጅዎ የምመለስ አይመስለኝም።»

ይህን የነገረችኝ እርሷ ናት፤ ያውም ከብዙ ጊዜ በኋላ። በዚያ ገደል ውስጥ የምትመልሰው ቃል አጥታ ቅርጫቱን ከሚገባው በላይ ሞላችው፤ እርሱም እየተንገዳገደ ተሸከመው፤ ቁልቁለቱን የወረዱት በእርስዎታ ሲሆን ዳገቱን የወጡት አንተና አንቺ ተባብለው ነው። ከዳገቱ አናት ላይ አባቱ በባርሴሎና ፋብሪካ እንዳለው ሊነግራት ጀመረ። የምን ፋብሪካ ብላ ጠየቀችው። በዚያው ጊዜ ኦብዱሊያ ከደጃፏ ተጣራች፤ መልሱም በአፉ ቀረ። ብዙ ነገር በሰው አፍ የሚቀረው ክፋት ኖሮት አይደለም፤ ማለዳው ደስ የሚል ሆኖ ነው።

የቀረጻው የመጨረሻ ቀን ደረሰ። ኦብዱሊያ ዛሬ ማንም የማይሠራውን ትልቁን እንስራ፣ ለሠርግ ቤት የሚሆነውን ልትሠራ ተንበረከከች። ካሲልዳ ከፊት ለፊቷ በመስኮቱ ሥር ተቀመጠች፤ ኦሪዮል ከበሩ አጠገብ ቆመ። ልማዱ እንዲህ ነበር፤ ኦብዱሊያ ለጆሮው የሚሆነውን ጭቃ አንሥታ ጀርባዋን ለበሩ ስትሰጥ የካሜራው ድምፅ ይቆማል። ያ ጸጥታ ለሁለቱ ሴቶች የቃል ኪዳን ድምፅ ሆኖ ነበር።

በዚያ ቀን ግን ድምፁ አልቆመም።

ካሲልዳ ቀና ስትል ጆሮው ተተክሎ፣ አውራ ጣቱም ተጭኖ አልቋል። የካሜራው ዓይን በእናቷ ትከሻ ላይ አልፎ ጆሮው ወዳለበት አቅጣጫ አፍጥጦ ነበር። አንድ ነገር በውስጧ ወደቀ።

ከሰዓት በኋላ ኦብዱሊያ ኦሪዮልን ወደ ጎረቤቷ ወደ ኤውፍራሲያ አጥር ወሰደችው። እኔም በዚያ ነበርሁ፤ ካሲልዳም ተከትላ መጣች። በአጥሩ እንጨት ላይ ሰማያዊ የፕላስቲክ ባልዲ ተደፍቶ ይደርቅ ነበር። ከመቀመጫው ላይ በፋብሪካ የታተመ ስም አለ። ያንኑ ስም ኦብዱሊያ በፊልሞቹ የቆርቆሮ ሳጥኖች ላይ በኦሪዮል እጅ ተጽፎ በቤቷ ሲከርም አይታዋለች።

«አንተ የተማርህ ነህ፤ ይህን አንብብልኝ።»

«ቪላጉት» አለ። ፊቱ ነጥቶ ነበር። «የአባቴ ስም ነው።»

«ማንበቡንስ እኔም እችልበታለሁ። የጠየቅሁህ ይህን ስም እስከ ዛሬ ለምን ሳትነግረን ቆየህ ብዬ ነው።» ባልዲውን በጣቷ አንኳኳችው፤ የባዶ ድምፅ ሰጠ። «ይህ የእናቴን ገበያ በላ። የእህቶቼን መንኮራኩር ለማገዶ አደረገው። አሁን ደግሞ ልጁን ልኮ ጆሮዬን ፈለገ። ዛሬ ማሽንህ አልቆመም። ያዞርሁት ጀርባዬን እንጂ ጆሮዬን አይደለም።»

«ጆሮውን አልቀረጽሁም።»

«ታዲያ ምን ቀረጽህ?» ያለችው ካሲልዳ ናት።

ኦሪዮል ተመለከታት። የሚናገረው ነበረው፤ ከፊቱ ላይ አነበብሁት። ነገር ግን በባልዲው አጠገብ፣ በእናቷና በጎረቤቷ ፊት ቢናገረው፣ ያ ቃል የነጋዴ ልጅ ማባበያ ሆኖ ይቀር ነበር። በእርሱ ፈንታ ፊልሙ ሳይታጠብ ሳጥኑ ቢከፈት ብርሃን እንደሚያቃጥለው፣ ምንም እንደማይታይበት፣ ታጥቦ ሲመጣ ግን እንደሚያዩት አስረዳ።

«ቃልህም እንደ ፊልምህ ነው» አለችው ካሲልዳ። «ሲከፍቱት ባዶ ነው።»

ሽርጧን ጨበጠች። ጭቃው በእጇ ላይ ደርቆ ስለ ነበረ፣ ስትጨብጠው እየተሰነጠቀ ወደ መሬት ረገፈ።

ኦሪዮል ሳጥኖቹን ጭኖ ወደ ባርሴሎና ተመለሰ፤ ብርደኛው ክረምትም ያን ዓመት ከጊዜው ቀድሞ ከፖርቱጋል ተራሮች ወረደ። በኦብዱሊያ ቤት አንድ ያልታየ ነገር ሆነ፤ ካሲልዳ የምትተክላቸው ጆሮዎች መሰንጠቅ ጀመሩ። ሆዱ ያምራል፣ አንገቱ ቀጥ ይላል፣ ከእቶን ሲወጣ ግን ጆሮው ከሥሩ እንደ ፀጉር በቀጠነ መስመር ተሰንጥቋል። ኦብዱሊያ አልተቆጣቻትም። የተሰነጠቁትን በግቢው ጥግ ደረደረቻቸውና፣ ጭቃ ሐሳብ ያለበትን እጅ እንደማይወድ፣ እርሷም መበለት በሆነችበት ዓመት እንደዚያ እንደ ሆነባት፣ ለእኔ ብቻ ነገረችኝ። ልጇ እንድትሰማት ግን ድምፅዋን አልቀነሰችም።

ካሲልዳ አንዳንድ ማታ ወደ እኔ ትመጣለች። ከእሳቱ አጠገብ ተቀምጣ ስለ ሌላ ነገር ሁሉ ታወራለች። አንድ ጊዜ ብቻ፣ ልትሄድ መጎናጸፊያዋን ስትደርብ፣ ባልዲው እንዳላሳዘናት ተናገረች። ሰው አባቱን አይመርጥም፤ ይህን ታውቃለች። የጎዳት የካሜራው ድምፅ ነው። «ያ ድምፅ ሲቆም» አለችኝ፣ «በስሜ የጠራኝ ይመስለኝ ነበር።» ከዚያም በሩን ከፍታ ሄደች።

በግንቦት ወር ወደ መጠጥ ቤቱ ስልክ ተደወለ። በመንደሩ ያለው ስልክ እርሱ ብቻ ነው፤ የሚፈልገኝም ኦሪዮል ነበር። ስደርስ ዶሚኖ ተጫዋቾቹ ጠጠራቸውን በእጃቸው ይዘው ግድግዳውን የሚያዩ መስለው ተቀምጠዋል። «ዶኛ ሌዎካዲያ» ብሎ በስሜ ጠራኝና፣ ፊልሙ እንዳለቀ፣ ለቤተ መዘክሩ ሳያስረክብ በነሐሴ የእመቤታችን በዓል ለመንደሩ ማሳየት እንደሚፈልግ፣ የትምህርት ቤቱን አዳራሽ አስከፍትለት እንደሆነ ጠየቀኝ። እሺ አልሁት። በመጨረሻ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ካሲልዳ ደህና መሆኗን ጠየቀ። መጠጥ ቤቱ ሙሉ ጆሮ ነበር፤ ሆኖም እውነቱን ነገርሁት።

«ጆሮዎቿ ይሰነጠቃሉ።»

የሸክላን ቋንቋ ተምሮ ነበርና፣ ከዚህ የበለጠ የምነግረው እንደሌለ ገብቶታል። ስልኩን ስሰቅል ከዶሚኖ ተጫዋቾቹ አንዱ «ምን አለ?» ብሎ ጠየቀኝ፤ ወዲያው ደግሞ መስማት እንዳልነበረበት አስታውሶ ጠጠሩን ያለ ቦታው አስቀመጠ።

የእመቤታችን ዕለት ከምሳ በኋላ የአዳራሹን መስኮቶች በብርድ ልብስ ጋረድናቸው። መንደሩ ሁሉ ወንበሩን ተሸክሞ መጣ። ሙቀቱ ከባድ ስለ ነበረ ኦብዱሊያ የቤቷን ኩስኩስት አምጥታ በጥላው ጥግ አስቀመጠቻት፤ ራሷ ግን አልቀመጥም ብላ ከኋላ፣ ክንዶቿን አጣጥፋ፣ ከግድግዳው ጋር ቆመች። ካሲልዳ ከጎኔ ተቀመጠች። ኦሪዮል ከማሳያው መሣሪያ አጠገብ ነበር፤ ሲገባ ደጃፉን ጎንበስ ብሎ አለፈ፤ አንድ ሽማግሌ «ግንባሩ ተምሯል» አለ፤ ሰውም ሳቀ። ሁለቱ ግን አልተያዩም። ላለመተያየት ሲሉ ግን እያንዳንዱ ሌላው ወዴት እንደሚያይ አጥብቆ ያውቅ ነበር።

ብርሃኑ ጠፍቶ ፊልሙ ተጀመረ። ድምፅ አልነበረውም፤ ድምፁን ያበጀንለት እኛ ነን። በመጀመሪያ የታየችው ባለፈው ክረምት የሞተችው የኤውፍራሲያ በቅሎ ናት፤ ኤውፍራሲያ በስሟ ጠራቻትና አለቀሰች፤ ከኋላ የተቀመጠ ሰው፣ ይህች በቅሎ በሕይወቷ ሳለች በዚህ ፍጥነት ተራምዳ እንደማታውቅ ተናገረ። ከዚያም ገደሉ፣ ዶማው፣ ቀዩና ነጩ አፈር መጣ። የአፈሩ ጭብጥ ወደ ኦብዱሊያ ጉንጭ ሲጠጋ ሰው ሁሉ በወንበሩ ላይ ወደ ፊት አዘነበለ። በየቀኑ በአጠገቧ እያለፍን ያላየነውን ያን ጊዜ አየነው። እነዚያ የጎረበጡ ጣቶች በእርጥብ ጨርቅ ሲያልፉ፣ ትከሻው ከምንም ሲነሣ፣ እርሷም ስትተነፍስ፣ ሰው ሁሉ አብሯት ተነፈሰ። ስንት ዘመን ስንጠራት የኖርነው በአክስትነቷ ብቻ ነበር። በዚያ ግድግዳ ላይ ግን ንግሥት ነበረች፤ ተንበርክካ የምትገዛ ንግሥት።

ትልቁ እንስራ መጣ። ኦብዱሊያ ለጆሮው የሚሆነውን ጭቃ አነሣች። በግድግዳው ላይ ጀርባዋን ሰጠችን።

ካሲልዳ እጄን ያዘችኝ። የመንደሩ ሰው፣ እንደ ልማዱ፣ ወደ በሩ ዞረ። ይህን ስጽፍ እንኳ ፈገግ እላለሁ፤ አዳራሽ ሙሉ ሰው፣ በፊልም ላይ ለተሰጠው ጀርባ፣ ፊቱን አዞረ። ወደ ግድግዳው ማየት የሚገባቸው ሁለት ሴቶች ብቻ ነበሩ።

«ቀና በሉ» አለ ኦሪዮል ከጨለማው። «የሚያስዞር ነገር የለም።»

ቀና አልን። የካሜራው ዓይን በእናቲቱ ትከሻ ላይ ሲያልፍ፣ ዝቅ ብሎ ወደ እጇ አልወረደም። አልፏት ሄደ። በመስኮቱ ሥር የተቀመጠች አንዲት ልጅ ላይ አርፎ ቀረ። ካሲልዳ ናት፤ እናቷን የምትከታተል፣ ማንም እንደሚያያት የማታውቅ ካሲልዳ። እናቷ በምትሠራው ልክ የእርሷ አውራ ጣት በጭኗ ላይ ትንሽ ትንሽ ይንቀሳቀስ ነበር። በሚተከልበት ጊዜ የሚባለውን የቤቱን ቃል ከንፈሯ ይከተለው ነበር፤ ፊልሙ ድምፅ ስለሌለው ቃሉ ከቤቱ አልወጣም። ብርሃኑ በጉንጯ ላይ እንዳለው የጭቃ ጭረት ደርሶ ቆመ። ካሜራውም አልቸኮለም። እናቷን እንዴት እንደምታይ አየን፤ እርሷን ደግሞ ኦሪዮል እንዴት እንደሚያያት አየን። ሰው አንድን ፊት ያን ያህል ጊዜ፣ ያን ያህል በጸጥታ የሚያየው ጸሎት ሲያደርስ ወይም ሲወድ ነው።

ጆሮው ሳይታይ ፊልሙ አለቀ። ነጭ ብርሃን በግድግዳው ላይ ቀረ፤ ካሲልዳም እጄን አልለቀቀችም። ወደ እርሷ ዞር ብል ፊቷን በዚያው ነጭ ብርሃን አየሁት፤ እንባዋ ይወርድ ነበር፤ ልትጠርገው አልሞከረችም። ፊቴን የሚጠይቅ ሌላ ቤተ መዘክር ፈልግልኝ ያለችውን አስታውሳ እንደ ነበር ያወቅሁት በኋላ ነው።

ኤውፍራሲያ ጨለማውን ተገን አድርጋ «እኔን እንዲህ አይቶኝ የሚያውቅ በቅሎዬ ብቻ ነበረች» አለች፤ ማንም ግን አልሳቀም።

ኦብዱሊያ ከኋላ መጣች። በወንበሮቹ መካከል ስትራመድ ሰው እግሩን ሰበሰበላት። በኦሪዮል ፊት ቆመች፤ ግንባሩን ለማየት ቀና ማለት ነበረባት።

«ያን ዕለት ለምን አልተናገርህም?»

«ቢናገሩት የሚያንስ ነገር ነበር» አላት። «የአባቴ ባልዲ አጠገብ ደግሞ ከዚያም ያንስ ነበር።»

«ስለ አባትህስ?»

«ያደግሁት በዚያ ባልዲ ገንዘብ ነው። አልክድም። ቀድሜ ልነግራችሁ ይገባኝ ነበር፤ ፈራሁ።»

ኦብዱሊያ ረጅም ጊዜ አየችው። ጭቃውን ወደ ጉንጯ ስታስጠጋ የምታየው አስተያየት ነበር፤ በቃ የሚላትን ስትጠብቅ የምታየው።

«የአባትህ ባልዲ ለአሳማዎቼ መልካም ነው» አለችው። «ይህን ንገረው። ይደሰታል።» ቀጥሎም ስለ አየር ጠባይ እንደምታወራ ሁሉ እንዲህ አለች፦ «ነገ ጧት ትልቅ እንስራ እሠራለሁ። ና። በሩ ጋ አይደለም፤ ከመስኮቱ ሥር ከልጄ ጋር ትቀመጣለህ። ከዚያ ነው ጆሮው ደህና አድርጎ የሚታየው።»

ኦሪዮል አልገባውም፤ ወይም እንዳይገባው ፈራ። «ካሜራውን ላምጣ?»

«እሱን አንተ ታውቃለህ። የቤቱን ነገር ለማን እንደሚያሳይ የቤት ሰው አይነገረውም።»

በአዳራሹ ውስጥ ይህ ቃል ምን ማለት እንደሆነ ያልገባው ሕፃን እንኳ አልነበረም። ሆኖም አንድም ሰው አላጨበጨበም፤ በእኛ ዘንድ እንዲህ ያለው ነገር አይጨበጨብለትም። ሴቶቹ የሽርጣቸውን ጫፍ ወደ ዓይናቸው አነሡ፤ ወንዶቹ ብርድ ልብሶቹን ከመስኮቱ ለማውረድ ከሚያስፈልገው በላይ በዝተው ተነሡ። የነሐሴ ብርሃን በአንድ ጊዜ ገባ።

ካሲልዳ ከጎኔ ተነሥታ ወደ ጥጉ ሄደች። ላብ ያወጣችውን ኩስኩስት አንሥታ፣ ያን ጊዜ በግቢው እንዳደረገችው ሁሉ፣ ለኦሪዮል አቀበለችው። በዚህ ጊዜ ግን ዓይኗን አነሣች። እርሱም ከፍ አድርጎ ጠጣ፤ ክሩ አልተንቀጠቀጠም፤ በአንገትጌው ላይ አንዲት ጠብታ አልወደቀችም። ሽማግሌዎቹ ራሳቸውን በአድናቆት ነቀነቁ። ጠጥቶ ሲጨርስ መለሰላት።

ካሲልዳ የዚህ መንደር ልጅ ናት። ሳትራመድ በፊት ከአየር ላይ መጠጣት ተምራለች፤ ሠላሳ እንግዳ በተቀመጠበት ሠርግ ላይ እንኳ ከንፈሯ ኩስኩስት ነክቶ አያውቅም። ኩስኩስቷን በሁለት እጇ ያዘች፤ እርሱን እያየች ወደ አፏ አስጠጋቻት፤ አፍንጫዋን በከንፈሯ ይዛ፣ እንደ ሕፃን፣ ሳትቸኩል ጠጣች።

ኤውፍራሲያ አፏን በእጇ ሸፈነች። ሰው ሁሉ ወደ ኦብዱሊያ ዞረ፤ ኩስኩስቷ የእርሷ ናት፤ ደንቡም የሁላችን ነው። ኦብዱሊያ እጇን ዘረጋች። ከልጇ ተቀብላ በጆሮዋ አንጠለጠለቻት፤ ክብደቷን መዘነች፤ ውሃው በውስጧ ሲናወጥ ሰማነው። ውሃውን ልትደፋው እንደሆነ ሁሉ ወደ ተከፈተው መስኮት አየች።

ከዚያም ኩስኩስቷን ከነውሃዋ ወደ ጥላው መለሰቻት።